ሲስሉት ማንን ጠየቁ?

ልጆቼ፣ ሠላሳ ዓመት የሕንፃ ንድፍ ስስል ኖሬያለሁ፤ አብዛኛውን እዚሁ ጎንደር። አሁን ጡረታ ላይ ነኝ። ጉልበቴም ደረጃ ሲያይ ማጉረምረም ጀምሯል። ምክር ስጥ ሲባል ሰው የሚቀናው ጥሩ የሠራውን ማውራት ነው። እኔ ግን ያበላሸሁትን ልንገራችሁ።

የሕንፃ አዋጁ፣ ቁጥር 624፣ በ2001 ዓ.ም. ወጣ። ሕዝብ የሚገለገልበት ሕንፃ ለአካል ጉዳተኞች መግቢያ እንዲኖረው አዘዘ። ከዚያ በኋላ አንድ ባለ ሁለት ፎቅ የቢሮ ሕንፃ ሳልኩ። መግቢያው ላይ ስድስት ደረጃ ነበረው፤ ከፍታው በጠቅላላ 90 ሳንቲ ሜትር። ባለቤቱ «ያንን ራምፕ የሚሉትንም ጣል አድርግበት፣ ፈቃድ እንዳይከለክሉን» አለኝ። ጣል አደረግኩበት፤ ደረጃ የሌለው ተዳፋት መወጣጫ። ሦስት ሜትር።

በዊልቸር የሚሄድ ሰው ራሱን ችሎ እንዲወጣ ለእያንዳንዱ 10 ሳንቲ ሜትር ከፍታ 1 ሜትር ከ20 ርዝመት ያስፈልጋል። ለ90ው ወደ 11 ሜትር ማለት ነው፣ ማረፊያው ሳይቆጠር። ይህን አውቅ ነበር። «ቦታ የለም» ብዬ አለፍኩት። ለመኪና ማቆሚያ ግን ቦታ አልጠፋም።

በምረቃው ቀን አንዲት የሒሳብ መምህርት በዊልቸር መጣች። ሁለት ዘበኞች ከኋላ ገፏት፤ አንደኛው አዳልጦት በጉልበቱ ወደቀ። ላይ ስትደርስ ትንፋሿን ሰብሰብ አድርጋ «ጋሼ፣ ይሄ እኮ መወጣጫ አይደለም፣ ሸርተቴ ነው» አለችኝ። ሰው ሳቀ። እኔም ሳቅኩ። ቀጥላ «ሲስሉት ማንን ጠየቁ?» አለች። ሳቄ እዚያው ቀረ። ባለቤቱን ጠይቄ ነበር። ተቋራጩን፣ ኤሌክትሪክ ሠራተኛውን፣ ቀለም ቀቢውን ሳይቀር ጠይቄያለሁ።

በሳምንቱ «እስቲ አንድ ቀን አብረን እንውጣ» አለችኝ። ከፒያሳ ዝቅ ብሎ፣ እኔ በአምስት ደቂቃ የምጨርሰውን መንገድ ይዘን ወረድን። ሠላሳ አምስት ደቂቃ ፈጀብን። የዊልቸሩ የፊት ጎማዎች ትንንሽ ናቸው። ኮብልስቶኑ መሀል ይገቡና ይነከሳሉ፤ እሷም ወደ ኋላ ስባ በሰያፍ ትሞክራለች። እግረኛ መንገዱ ላይ አሸዋ ተከምሯል። ከአሸዋው ቀጥሎ ክዳን የሌለው ቱቦ አለ። አስፋልቱ ላይ ስትወርድ ደግሞ ባጃጁ ጡሩምባውን ይለቅባታል። መሀል ላይ አንድ ሰውዬ ጠጋ ብሎ ጭኗ ላይ 10 ብር አስቀመጠ። «እግዜር ይማርሽ» ብሎ አለፈ። አሥራ አንድ ዓመት ያስተማረች ሴት ናት። ብሩን አጥፋ ለእኔ ሰጠችኝና «ለራምፑ ማስተካከያ ይሁንልዎ» አለች።

ነገሩን እኛ ጎንደሬዎች ከማንም ቀድመን ልንረዳው በተገባ ነበር። በአብነት ትምህርት ቤቶቻችን ዓይነ ስውር መምህር ብርቅ ሆኖ አያውቅም። ቅኔው በቃል ነው፤ ዜማው በጆሮ ነው የሚያዝ። ተማሪው ሲስት የኔታ ከተቀመጡበት ሆነው ያርሙታል። ትምህርቱ ለጆሮ ስለተዘጋጀ አለማየት ከመምህርነት ወንበር አያወርድም። (ድሮን እያሞገስኩ አይደለም። እንግዳ ሲመጣ ጓዳ የሚከተት ልጅም በዚችው ከተማ እያየሁ ነው ያደግኩት።) ኢትዮጵያ በ2002 ዓ.ም. ያጸደቀችው የተባበሩት መንግሥታት የአካል ጉዳተኞች መብቶች ስምምነት የሚለውም ከዚህ አይርቅም። ሰውን ከእኩል ተሳትፎ የሚያስቀረው ጉዳቱ ከአካባቢው እንቅፋት ጋር ሲገናኝ ነው። ያ የኔ ሸርተቴ እንቅፋት ነበር።

ይህ ሁሉ በቸርነት የመጣ እንዳይመስላችሁ። አሜሪካ ውስጥ እ.ኤ.አ. በ1973 አንድ ሕግ ወጣ። የፌዴራል ገንዘብ የሚቀበል ተቋም በአካል ጉዳት ምክንያት ሰው እንዳያገል ይከለክላል። ማስፈጸሚያ ደንቡ ግን ሳይፈረም አራት ዓመት ተኛ። በ1977 ከመቶ በላይ አካል ጉዳተኞች ሳን ፍራንሲስኮ በሚገኝ የመንግሥት ሕንፃ ገብተው አንወጣም አሉ። ከመሪዎቹ አንዷ በፖሊዮ ምክንያት ዊልቸር ትጠቀም የነበረችው ጁዲ ሂውማን ናት። ስልኩ ሲቋረጥ መስማት የተሳናቸው በመስኮት ሆነው በምልክት ቋንቋ ውጭ ካሉት ጋር ተነጋገሩ። ለጥቁሮች መብት ይታገሉ የነበሩት ብላክ ፓንተሮች ትኩስ ምግብ ያመላልሱላቸው ነበር። ደንቡ ተፈረመ። እነሱም ሦስት ሳምንት አልፏቸው ነው የወጡት።

ከእኛው ደግሞ የትነበርሽ ንጉሤ አለች። ወሎ ተወልዳ፣ በአምስት ዓመቷ ዓይኗን አጥታ፣ ሕግ አጥንታ፣ እ.ኤ.አ. በ2017 ራይት ላይቭሊሁድ የተባለውን ዓለም አቀፍ ሽልማት የወሰደች። ሽልማቱን ሁሉም ያወራል። እኔን የሚያስቀናኝ ሕጉን ማጥናቷ ነው። እናንተም አካል ጉዳተኛ ሆናችሁ ሥራ የምትፈልጉ ካላችሁ አዋጅ 568/2000ን ፈልጋችሁ አንብቡ። አሠሪው የሥራ ቦታውን የማመቻቸት ግዴታ አለበት ይላል። ከሰው አፍ አትስሙት፤ ራሳችሁ አንብቡት።

ጉዳት የሌለባችሁ ደግሞ፣ በተለይ ገና ከዩኒቨርሲቲ የወጣችሁ መሐንዲሶች፣ ወረቀት ላይ እያለ ጠይቁ። ወረቀት ላይ ስህተት በላጲስ ይጠፋል። ሲሚንቶው ከደረቀ በኋላ ጃክሃመር ነው፣ ገንዘብ ነው፣ ጭቅጭቅ ነው። እኔ ባለቤቱን ሁለት ጊዜ ለመንኩት። «ሕጉን አሟልቻለሁ፣ ራምፕ አለኝ» አለ። አሁን ራምፑ ላይ የአበባ ማሰሮ ተደርድሮበታል። እዚያ አካባቢ ስደርስ መንገድ እቀይራለሁ።

ቀጣዩን ሕንፃ ስስል መጀመሪያ የሄድኩት መምህርቷ ጋ ነው። ራምፑን ግድግዳውን ተከትሎ ወስጄ፣ ማረፊያ ሰጥቼ፣ መልሼ አጥፌዋለሁ። የበሮቹን ስፋት 90 ሳንቲ ሜትር አድርጌያለሁ። ኩራት ቢጤ ተሰምቶኛል። ጠረጴዛው ላይ ዘረጋሁላት። ሻይዋን እየጠጣች ብዙ አየችው። ከዚያ በጣቷ አንድ ጥግ ነካች።

«መጸዳጃ ቤቱ በር ወደ ውስጥ ነው የሚከፈት?»

«አዎ።»

«ታዲያ ገብቼ በምን ልዘጋው?»

ቤት ገብቼ በሩን ወደ ውጭ አዞርኩት።