«የመሪ ተዋናይ ፊት የለሽም» ለተባለችው

እህቴ፣ ከለንደን የላክሽው ደብዳቤ ብዙ ጥያቄ አለው፤ እኔን የያዘችኝ ግን አንዷ መስመር ናት። የሕግ ትምህርትሽን ልትጨርሺ ጥቂት ወራት ቀርተውሻል፣ ልብሽ ያለው ትወና ላይ ነው፣ ድራማ ትምህርት ቤት ስትፈተኚ ደግሞ ፈታኙ «የመሪ ተዋናይ ፊት የለሽም፣ አጃቢ ነሽ» አለሽ። ከዚያ ወዲህ መስታወት አስጠላኝ ብለሻል።

እኔ በአንድ መሥሪያ ቤት 14 ዓመት ምክትል ሆኜ ሠርቻለሁ። «አጃቢ» ስድብ ሲሆን ዝም ማለት አይሆንልኝም።

እዚያው ያለሽበት አገር፣ እንግሊዝ፣ ጆን ለ ሜዠረር የሚባል ተዋናይ ነበር። እ.ኤ.አ. በ1912 ተወለደ። አባቱ የሕግ ሰው ስለነበሩ እሱም በቤሪ ሴንት ኤድመንድስ ከተማ አንድ የጠበቆች ቢሮ ገብቶ ሙያውን ይለማመድ ጀመር። በ1933 ግን ትቶት ለንደን የትወና ትምህርት ቤት ገባ። አብሮት የተማረው አሌክ ጊነስ የዓለም ኮከብ ሆነ። ለ ሜዠረር በሳምንት 3 ፓውንድ ከ10 ሺሊንግ እየተከፈለው ኤድንብራ በሚገኝ የቴአትር ቡድን ጀመረ፤ ኋላም ዳኛ፣ ሐኪም፣ መኮንን፣ የቢሮ ሹም እየሆነ ከ100 በላይ ፊልሞች ላይ ታየ። ብዙዎቹ ላይ መጥቶ፣ ጥቂት ተናግሮ ይወጣል።

«ዳድስ አርሚ» የተባለው የቴሌቪዥን ኮሜዲ በ1968 ሲጀምር 56 ዓመቱ ነበር። ታሪኩ በሁለተኛው የዓለም ጦርነት ጊዜ አገራቸውን ሊጠብቁ ስለታጠቁ የአንዲት ትንሽ ከተማ ሚሊሺያዎች ነው። እሱ ሳጅን ዊልሰን ነው፤ በሚሠሩበት ባንክም በሚሊሺያውም የካፒቴን ማነሪንግ ምክትል። አርተር ሎው የሚጫወተው ማነሪንግ ይጮኻል፣ ያዛል፣ ይንጠራራል። ዊልሰን ጠብቆ ጠብቆ፣ በለሰለሰ ድምፅ «ይሄ ይበጃል ብለው ነው፣ ጌታዬ?» ይላል። ሳቁ የሚፈነዳው እዚያ ላይ ነው። ያ ሰው ባይኖር የማነሪንግ ጩኸት ጩኸት ብቻ ይሆን ነበር። እስከ 1977 ድረስ 80 ክፍል እንዲህ ሄዱ። በመሃል፣ በ1971፣ በአንድ የቴሌቪዥን ድራማ አገሩን የከዳ ሰላይ ሆኖ በመሪነት ተጫወተና ባፍታ የሚባለውን የብሪታንያ የፊልምና የቴሌቪዥን ሽልማት በምርጥ ተዋናይነት ወሰደ፤ ከዚያም ወደ ሳጅንነቱ ተመለሰ።

አላታልልሽም፣ ለእሱ በሩ ገርበብ ብሎ ነው የጠበቀው፤ የሀብታም ትምህርት ቤት ልጅ ነው፣ አነጋገሩም የጌቶች ነው። አንቺን መጀመሪያ የሚጠሩሽ ለነርስና ለስደተኛ ይሆናል። ሁለት ሦስቱን ተቀበዪ፣ ከዚያ መምረጥ ጀምሪ። እንግሊዝኛሽ አማርኛ አማርኛ ይላል ብለሽ አትፈሪ፤ እሱን ሳትጥዪ ሌላ አነጋገር ጨምሪበት።

ስፖትላይት የሚባለው የተዋንያን ማውጫ ውስጥ ለመግባት ስትዘጋጂ፣ ተኳኩለሽ እንደ ሙሽራ ፎቶ እንዳትነሺ። ፎቶሽን አይቶ ለፈተና የጠራሽ ሰው፣ በሩን ከፍተሽ ስትገቢ የሚያየው ያንኑ ፊት ይሁን። ልምምድ ላይም የራስሽን ንግግር ብቻ አትሸምድጂ፤ ሌላው ሲናገር ፊትሽ ምን እንደሚሠራ በስልክሽ ቀርጸሽ እዪ። አጃቢ እንጀራውን የሚበላው በዚያ ነው።

እናትሽ «ሌሊት ቢሮ ያጸዳሁት ጠበቃ ላደርግሽ ነው» ማለታቸው ልብ ይነካል። ቢሆንም የእሳቸው ድካም ዕድሜሽን ሙሉ የሚከፈል ብድር አይደለም። ዲግሪውን ጨርሰሽ እጃቸው ላይ አስቀምጪላቸው፤ እዳሽ እዚያ ላይ ያበቃል። ከዚያ በኋላ ቢቆጡ፣ ቁጣው የእሳቸው ነው፤ ተሸክመሽው አትዙሪ። ለኪራዩ በሳምንት ሦስት ቀን የሕግ ቢሮ ረዳትነት ፈልጊ። ለ ሜዠረር ሕጉን ሳይጨርስ ነው የወጣው፤ በዚህስ እሱን አትከተዪ። ምክትል የነበረ ሰው የደመወዝ ቀንን ዋጋ ያውቃል።

ፈታኙን ዳግም ካገኘሽው ግን አንድ ነገር ጠይቂልኝ፦ የትኛዋን አጃቢ ነው ያየብሽ? ዳኛዋን፣ ጎረቤቷን፣ ወይስ አለቃዋን? ለፎቶው ይጠቅምሻል።