«የገበያ ክፍፍል» ብዬ ለምን ተሳቀብኝ?

ጥያቄ፦ በአንድ የማስታወቂያ ድርጅት ውስጥ እሠራለሁ፤ ባለቤቴ ደግሞ አንደኛ ክፍል ታስተምራለች። «ሴግመንቴሽን» የሚባለው ቃል ሁለታችንንም ይዞናል። እርሷ ልጆች ቃልን ወደ ድምፅ ሲነጥሉና ትምህርቱ በትንሽ በትንሹ ሲቀርብላቸው እንዲህ ትለዋለች፤ እኔ ደንበኞችን በየዓይነታቸው ስንለይ። በቅርቡ በአንድ ሰነድ ላይ «የገበያ ክፍፍል» ብዬ ብተረጉመው የሕግ ባለሙያችን «ይህማ የተከለከለ ነው» ብሎ ሳቀ። ምን ብል ይሻል ነበር? ለሦስቱም የሚሆን አንድ ቃልስ የለንም?

መልስ፦ የሕግ ባለሙያችሁ ሳያስበው የሰዋስው ትምህርት ሰጥቶዎታል። «ክፍፍል» የሚወለደው «ተከፋፈለ» ከሚለው ግስ ነው፤ «ተከፋፈሉ» ስንል ደግሞ ተካፋዮች አሉ። የሥልጣን ክፍፍል፣ የትርፍ ክፍፍል፣ የሀብት ክፍፍል እንላለን፤ በሁሉም ውስጥ አንድ ነገር ይቆረሳል፣ ድርሻውን ይዞ የሚሄድም አለ። «የገበያ ክፍፍል» የሚለውን ያነበበ ሰው እንግዲህ ሁለት ነጋዴዎች «ሰሜኑን አንተ ያዝ፣ ደቡቡን ለእኔ ተው» ሲባባሉ ይታየዋል። በ2006 ዓ.ም. የወጣው የንግድ ውድድርና የሸማቾች ጥበቃ አዋጅ ቁጥር 813/2006 ተወዳዳሪ ነጋዴዎች እንዲህ ተስማምተው ደንበኛን ወይም የገበያ አካባቢን እንዳይከፋፈሉ ይከለክላል። ሳቁ ከዚህ መጣ።

«ከፈለ» ራሱ ተንኮለኛ ግስ ነው። ዳቦውን ለሁለት ከፈለ፤ ዕዳውን ከፈለ። «ገበያን መክፈል» ብለው ቢያሻሽሉት፣ ያልተዘጋጀ አንባቢ ገንዘብ ፍለጋ ኪሱን ይዳስሳል። መካከሉን ደግመን «ከፋፈለ» ስንል ደግሞ ቁርጡ ይበዛል፤ ዕቃ ላይ ሲሆን ምንም ክፋት የለውም፣ ሰው ላይ ሲያርፍ ግን ይመርራል። ሥጋ የሚከፋፍል ሰው ይመሰገናል፤ ሰው የሚከፋፍል «ከፋፋይ» ይባላል፤ «ከፋፍለህ ግዛ»ም የሚነሣው ለወቀሳ ነው። ደንበኞች ሰዎች ናቸውና «ደንበኞችን መከፋፈል» በእኔ ጆሮ አያምርም።

ለገበያው ሥራ የምመርጠው «ደንበኞችን በምድብ መለየት» የሚለውን ነው፤ እያንዳንዱ ወገን «የደንበኛ ምድብ» ይሁን። «ምደባ» የሚለውን ብቻውን አልወደውም፤ ተማሪ ወደ ዩኒቨርሲቲ፣ ሠራተኛ ወደ ሥራ መደብ መላኩን ያስታውሳል፤ ደንበኛን ግን ማንም ወደ የትም አይልከውም። «መለየት» ውስጥ ልዩነቱ ቀድሞም እንደነበረና እኛ እንዳስተዋልነው ይሰማል። አሜሪካዊው ዌንደል ስሚዝ እ.ኤ.አ. በ1956 ሐሳቡን ለገበያ ጥናት ሲያቀርብ የለየውም ይህንኑ ነው፦ ዕቃን ከሌላው ዕቃ የተለየ ማድረግ አንድ ነገር ነው፣ ከገዢዎቹ ፍላጎት መነሣት ሌላ። የእህል በረንዳው ነጋዴ ጤፉን ማኛ፣ ነጭ፣ ሠርገኛ፣ ቀይ ብሎ ሲያስቀምጥ የለየው ዕቃውን ነው። ሠርገኛውን ለእንጀራ ጋጋሪዋ፣ ማኛውን ለድግስ ደጋሹ ብሎ ካሰበ ግን ገዢውን መለየት ጀምሯል። ባንኮቻችን ከወለድ ነፃ አገልግሎት ሲከፍቱም የተነሡት በእምነቱ ምክንያት ወለድ ከማይፈልግ ደንበኛ ነው።

ወደ ባለቤትዎ ክፍል ስንገባ ነገሩ ይጣፍጣል። እርሷ ቃልን ስትነጥል ፊደላችን አንድ ጊዜ ያግዛታል፣ አንድ ጊዜ ያደናቅፋታል። «ክፍል» የሚለውን ራሱን ይውሰዱ። በጽሑፍ ሦስት ፊደል ነው፤ ልጆቹ እያጨበጨቡ ቢሉት ግን «ክ-ፍል» ብለው ሁለት ጊዜ ብቻ ያጨበጭባሉ። ሳድስ ፊደል አንዳንዴ አናባቢ ይዞ ይመጣል፣ አንዳንዴ ባዶውን ይቆማል፤ መልኩ ግን አይለወጥም። ስለዚህ ፊደል መቁጠርና ቀለም (ልጆቹ በአንድ ጭብጨባ የሚሉትን የቃል ቁራጭ) መቁጠር ሁለት ልዩ ሥራዎች ናቸው። «ከየቤታችን» ላይ ደግሞ የባሰ አለ። ቃሉ «ከ»፣ «የ»፣ «ቤት»ና «አችን» ተጋጥመው የሠሩት ነው፤ የ«ቤት» እና የ«አችን» ድንበር ግን የወደቀው «ታ» በምትባለው ፊደል ሆድ ውስጥ ነው። መቀስ ይዘው ቢመጡ የሚቆርጡበት ቦታ የለም። ሕፃኑ «ታ»ን አይቶ «ቤት» የሚለውን ሳያገኝ ቢቀር ስንፍና አይደለም፤ አጻጻፋችን ድንበሩን ስለሸሸገበት ነው።

የቆሎ ትምህርት ቤት መምህራን ይህንን ችግር በደረጃ ነበር የሚፈቱት። ልጁ ፊደሉን ከለየ በኋላ በመጀመሪያ «ቁጥር» ይላል፤ እያንዳንዱን ፊደል ለየብቻ እየጠራ ይሄዳል። ከዚያ ግዕዝ ንባብ፣ ውርድ ንባብ፣ በመጨረሻም እንደ ልብ የሚነበብበት ቁም ንባብ ይከተላል። ነጥሎ ይጀምራል፣ አጋጥሞ ይጨርሳል። በብራናው ላይ ቃልን ከቃል የሚለየው ሁለት ነጥብም አብሮት ነበር፤ እኛ በባዶ ቦታ ተክተነዋል፤ እኔ አሁንም ይናፍቀኛል።

ትምህርትን በትንሽ በትንሹ ማቅረብን በተመለከተ ቃሉ በቤትዎ ውስጥ አለ፦ «እየቆረሱ ማስተማር»። እንዲያውም አባቶቻችን ለጽሑፍ ክፍሎች ከሰጧቸው ስሞች አንዳንዶቹ ከዕረፍት ጋር የተዛመዱ ናቸው። «ምዕራፍ» በግዕዝ ማረፊያ ነው፤ «ዐረፍተ ነገር» የነገር ማረፊያ፤ «አንቀጽ» በር ነው፤ «ሐረግ» ደግሞ ያው የተክሉ ሐረግ። መቁረጥ የሚል የለም፤ አንባቢው የሚያርፍበትንና የሚገባበትን ነው ያሰቡት። ዳዊት የሚደግመውም 150ውን መዝሙር በአሥር በአሥር አድርጎ እያንዳንዱን ዐሥር አንድ «ንጉሥ» ይለዋል፤ «ዛሬ ሁለት ንጉሥ ደገምኩ» ሲል ሃያ መዝሙር ማለቱ ነው።

በነገራችን ላይ ባለቤትዎ አንድ ነገር ለይታ ትያዝ። ስሚዝ በጻፈበት በዚያው ዓመት ጆርጅ ሚለር የተባለ የሥነ ልቦና ተመራማሪ የአጭር ጊዜ ትውስታችን በአንድ ጊዜ ወደ ሰባት የሚጠጉ ነገሮችን እንደሚይዝ፣ ነገሮቹን ካቧደንናቸው ግን ብዙ መሸከም እንደሚቻል ጻፈ። የስልክ ቁጥር ስንናገር «ዜሮ ዘጠኝ አሥራ አንድ» ብለን ቀጥለን ሁለት ሁለት አኃዝ የምንለው ለዚህ ነው። ይህ ግን መቁረስ አይደለም፤ የተበታተነውን ሰብስቦ ማሰር ነው፤ «ማቧደን» ይባል። ሁለቱን በአንድ ስም መጥራት ጠማሪውንና ፈቺውን ማምታታት ነው።

ለሦስቱም አንድ ቃል ያሉኝን አልሰጥዎትም። ድምፅ ይነጠላል፣ ትምህርት ይቆረሳል፣ ደንበኛ ይለያል፤ አማርኛ ለየሥራው የራሱን ግስ ሰጥቶ ሳለ አንድ ስም ለማግኘት ስንል ሦስቱን ብናደበዝዝ ምን እናተርፋለን? «ሴግመንቴሽን» ብለው መተዉም በንግግር ይቻላል፤ ከሥራ ባልደረባ ጋር ሲሆን እኔም አልከለክልም። በጽሑፍ ግን አንዱ «ሴግ»፣ አንዱ «ሰግ»፣ ሌላው «ሴግሜን» እያለ ይጽፈዋል፤ በኮምፒውተር የሚፈልገው ሰውም ግማሹን ሳያገኝ ይቀራል። በሰነድዎ ላይ «የገበያ ክፍፍል» ያለውን ሰርዘው «የደንበኞች ምድቦች» ይበሉት፤ ከዚያ የሕግ ባለሙያውን ቡና ይጋብዙት።