ተከሳሽ ብትሞት ክሱ አይሞትም

እናንተ ውጭ ያላችሁ የሰሜን ሸዋ ልጆች፣ እስቲ ስሙኝ። ከአገር ከወጣሁ 20 ምናምን ዓመቴ ነው፣ በየለቅሶው በየማህበሩ የምሰማው ያው አንድ ወሬ ነው፦ "የናቴ ቤት ክፍፍል ፍርድ ቤት ነበር፣ አሁን እህቴ አረፈች፣ እንግዲህ ክሱ ቀረ አይደል?" አልቀረም!

1. ክስ ከሰው ጋ አይቀበርም። የፍትሐ ብሔር ሥነ ሥርዓት ሕጉ የሚለው መብቱ ለወራሽ የሚተላለፍ ከሆነ ሰው ስለሞተ ክርክሩ አይቋረጥም ነው፣ የቤት ክፍፍል ደሞ ይተላለፋል። ከሳሽም ይሙት ተከሳሽ ወራሾቹ በቦታው ይተኩና ፋይሉ ከቆመበት ይቀጥላል። አንዳንድ ብልጥ ነኝ ባይ ሞቱን ለችሎቱ ሳይናገር በሟች ስም አስፈርዶ ሊጨርስ ያስባል፣ ያልተጠሩት ልጆች ፍርዱ ሳይፈጸም በዚሁ ሕግ ቁጥር 358 መቃወሚያ ይዘው ሲመጡ ያ ሁሉ ዓመትና ያ ሁሉ ዶላር ገደል ገባ ማለት ነው።

2. ወረቀት፦ የወራሽነት ማስረጃ ከፍርድ ቤት፣ ልጁ 18 ካልሞላው ሞግዚት፣ ውጭ ላለ ወራሽ ከኤምባሲ ውክልና። በቃ። ሟች የሰጠው ውክልናም ሌላ ስምምነት ከሌለ አብሮት ነው የሚሞተው። "ወንድሜ የወከለው ልጅ እየተከራከረልን ነው" ትሉኛላችሁ፣ ወንድምየው ከሞተ ዓመቱ! ማንን ወክሎ?

3. አሁን የራሴን ጉድ ላውራ። ደብረ ብርሃን ጠባሴ የናታችን ቤት አለ፣ የጭቃ ቤት ነው፣ ጓሮው ባህር ዛፍ። እኔና ወንድሜ እህታችንን ከሰስናት። እሷ ማለት እናታችንን እስክትሞት ያጠበች ያጎረሰች፣ በዚያ ብርድ ጠበል ለጠበል ይዛት የዞረች ናት፣ እኔ ደሞ በየወሩ ብር እየላክሁ ልጅነቴን የተወጣሁ የመሰለኝ ሰውዬ ነኝ። እናቴ ስትሞት መላኩን ተውኩና ለጠበቃ መላክ ጀመርኩ፣ በየቀጠሮው፣ ዳኛ ተቀየረ ሲባል፣ ኢንጂነር ቤቱን ይገምት ሲባል። ስንት እንደሆነ ደምሬው አላውቅም፣ ፈርቼ ነው።

እህቴ ባረፈች በሦስተኛው ቀን ስልክ ተደወለ፣ ጠበቃችን ነው። እግዜር ያጽናህ አለኝና ወዲያው "ተከሳሽ ስላረፉ ወራሾቻቸው እንዲተኩ ማመልከት አለብን፣ የልጆቹን ስም ከነአያት ላክልኝ" አለኝ። የትልቋን አውቃለሁ። የመሀለኛውን አስቤ አስቤ አመጣሁት። የትንሹን አላውቅም። ፎቶውን አይቻለሁ፣ የፊት ጥርሱ ወልቆ ሹራቡን እስከ አገጩ ስቦ፣ ስሙን ግን አላውቅም!

ምን ላርግ፣ ለቅሶ ቤት ደወልኩ፣ ስልኩን ያነሳው ራሱ ትንሹ። "አጎትህ ነኝ፣ ከውጭ" ስለው ትንሽ ዝም አለና "የከሰስከን ነህ?" አለኝ።

ስሙን ጠየቅሁት፣ ነገረኝ፣ የሐዋላ ደረሰኝ ጀርባ ላይ ጻፍኩት። እሱን ስም ነው እንግዲህ ለጠበቃው የላክሁት። ማመልከቻው ሲመጣ "የተከሳሽ ወራሾች" ይልና ሀ፣ ለ፣ ሐ ተብለው ተደርድረዋል፣ ሐ የ9 ዓመት ልጅ፣ በሞግዚቱ በአባቱ በኩል። አጎቱ ከሳሽ።

እና እናንተ "ድርሻዬን አልተውም" የምትሉኝ፣ አትተዉ፣ መብታችሁ ነው፣ ግን እስቲ አሁን ማንም ጋ ሳትደውሉ የእህታችሁን ልጆች ስም ጻፉ። ከበዳችሁ አይደል? ልጆቻችሁስ እነሱን ያውቋቸዋል? የኔዎቹ አማርኛ ስለማይሰሙ የአክስታቸው ልጅ ቢደውል እንኳን ሄሎ ብለው ስልኩን ለኔ ነው የሚያቀብሉት።

ክርክሩ የትም ደረጃ ላይ ቢሆን በእርቅ ይዘጋል፣ ሕጉም ይፈቅዳል፣ ስምምነቱ ተጽፎ ለችሎት ይቀርባል። እኔ ልጆቹ ቤቱ ውስጥ ይኑሩ ብዬ ፈርሜ በኤምባሲ በኩል ልኬያለሁ። ወንድሜ ግን እስካሁን አልፈረመም፣ ቀጠሮው ለጥቅምት ነው።