ስለ ቅድስት ዣን ዳርክ እውነቱ የቱ ነው?

ጥያቄ፦ ልጄ ቅድስት ዣን ዳርክን እጅግ ትወዳታለች። ሃይማኖቷን ለማስፋፋት እንደ ተዋጋች፣ በጠንቋይነት እንደ ተቃጠለች፣ ልቧን ግን እሳት እንዳልነካው፣ ዐፅሟም እንዳለ እንሰማለን። ሁሉንም ማመን ይገባናልን?

መልስ፦ ውድ እኅታችን፤ ሁሉንም ማመን አይገባዎትም። ዣን የተሳተፈችበት፣ በእንግሊዝና በፈረንሳይ መካከል የተደረገው የመቶ ዓመቱ ጦርነት የሃይማኖት ጦርነት አልነበረም፤ እንግሊዞቹም ፈረንሳዮቹም ካቶሊኮች ሲሆኑ፣ የተዋጉት ስለ ፈረንሳይ ዘውድ ነው። የፈረንሳይዋ ከተማ ኦርሌያን በ1429 ዓ.ም. (እ.ኤ.አ.) ከእንግሊዞች ከበባ ነፃ ስትወጣ ከፈረንሳይ ሠራዊት ጋር የነበረችው ዣን፣ ከሰይፏ ይልቅ ሰንደቋን አርባ እጥፍ እንደምትወድና ሰው ገድላ እንደማታውቅ በኋላ በተከሰሰችበት ችሎት ተናግራለች። በመጀመሪያዎቹ ክሶች የጥንቆላ ነገር ቢነሣም፣ በ1431 በሩዋን ከተማ ለእሳት የዳረጋት ፍርድ ግን፣ ትታው የነበረውን የወንድ ልብስ እንደገና በመልበሷ «ወደ ኑፋቄዋ ተመልሳለች» የሚል ነበር። ፍርዱን የሰጠው የእንግሊዞች ወገን የነበረው ኤጲስ ቆጶስ ፒየር ኮሾን ሲሆን፣ ቤተ ክርስቲያን በ1456 ጉዳዩን ዳግመኛ መርምራ ፍርዱን ሽራዋለች።

እኔ ለልጅዎ እንዲነግሯት የምመኘው በችሎቱ መዝገብ የሰፈረውን ቃሏን ነው። «በጸጋ ውስጥ ነሽን?» ብለው ጠየቋት፤ አዎን ብትል በትዕቢት ሊከሷት፣ አይደለሁም ብትል በገዛ አፏ ሊፈርዱባት ነው። ፊደል ያልቆጠረችው፣ ዐሥራ ዘጠኝ ዓመት ገደማ የሆናት ልጅ ግን «ከሌለሁ እግዚአብሔር ያግባኝ፤ ካለሁም በዚያው ያጽናኝ» አለች። ይህ ከማንኛውም አፈ ታሪክ ይበልጥ ያስደንቀኛል።

የልቧ ነገር፣ አንድ መነኩሴ ፍርዱን ከፈጸመው ሰው ሰማሁ ብሎ ከሞቷ ዓመታት በኋላ የሰጠው ምስክርነት ነው። የእምነት አንቀጽ ስላልሆነ ቢቀበሉትም ባይቀበሉትም ኃጢአት የለበትም። በ1867 በፓሪስ የተገኘውና የእርሷ ነው ሲባል የኖረው ዐፅም ግን፣ በ2007 ይፋ በሆነ ምርመራ የጥንታዊ ግብፅ ሙሚያ (ደርቆ የተጠበቀ ሬሳ) እና የድመት አጥንት ሆኖ ተገኝቷል።

ርዕሰ ሊቃነ ጳጳሳት በነዲክቶስ 15ኛ በ1920 ቅድስናዋን ስላወጁ፣ ልጅዎ አማላጅነቷን ብትለምን፣ በዓሏንም ሜይ 30 ብታከብር መልካም ነው። የእርሷ ነው የሚባል ዐፅም ቢያሳዩዎት ግን አይሳለሙት፤ አመዷ በሴን ወንዝ ተጥሏልና።