ሲስተር፣ ደብተር ግዢ

ደብዳቤሽን ሁለት ጊዜ አነበብኩት። ሁለተኛውን ማታ ነው፣ ልጆቹ ከተኙ በኋላ። አንድ ቦታ ላይ ነክቶኛል። የቱ ጋ እንደሆነ ወደ በኋላ ትደርሺበታለሽ።

ለሌሎች አንባቢዎች ባጭሩ ልንገራቸው። ጠያቂያችን ባሕር ዳር የምትሠራ ነርስ ናት። ዲግሪዋን ከያዘች ስድስት ዓመት ሆናት፤ ያለፉትን ሦስት ዓመታት፣ ካሜራ ባለው ቱቦ የሆድ ዕቃ ውስጡ በሚታይበት ኢንዶስኮፒ ክፍል ነው ያሳለፈችው። ኮሎኖስኮፒ፣ ማለትም የትልቁ አንጀት ምርመራ፣ ሲሠራ ከዶክተሩ ጎን ትቆማለች። ናሙና ቆንጥጦ የሚያወጣውን ፎርሴፕስ ትከፍታለች፣ ትዘጋለች፤ ሲያስፈልግ የታካሚውን ሆድ ትጫናለች፤ ናሙናውን ጠርሙስ ውስጥ ትጨምራለች። ስክሪኑንም አብራ ታያለች። በትልቁ አንጀት ግድግዳ ላይ የምትበቅለውን እብጠት፣ ፖሊፕን፣ በመልኳ ብቻ ምን ዓይነት እንደሆነች መለየት ወዳለች። ማታ ማታ ስልኳ ላይ ከኢንተርኔት ሥዕል እያወረደች ታጠናለች። ዶክተሩ «ጥሩ ዓይን አለሽ» ብለዋታል። ታላቅ ወንድሟ ግን የሕብረተሰብ ጤና ማስተርስ እንድትማር ይፈልጋል፤ ክፍያው በኔ ብሏል፣ ትምህርቱ መስከረም ላይ ይጀመራል። እናቷ «ልጅሽ ምን ትሠራለች?» ሲባሉ «ሆስፒታል ናት» ብለው ወሬ ይቀይራሉ። ጥያቄዋ እንዲህ ይላል፦ «ይሄ ነገር ሙያ ነው ወይስ ግምት? ባለፈው አንዷን ችግር የላትም ብዬ ውጤቱ ሌላ ሆነ። ከዚያ ወዲህ አፌን ዘግቻለሁ።»

ከዚያችው ፖሊፕ እንጀምር። አንቺ ያፈርሽባት እሷ ናት፤ እኔን ደስ ያለችኝም እሷው ናት።

እንደጻፍሽው በደንዳኔው ቀኝ በኩል ነበረች። 12 ሚሊ ሜትር ገደማ። ዝርግ፣ ፈዘዝ ያለች፣ ላይዋን ንፍጥ ነገር የለበሰች። ዶክተሩ የደም ሥርን አጉልቶ የሚያሳየውን ሰማያዊ ብርሃን ሲያበሩ ቀለሟ ከዙሪያዋ አልተለየም። የደም ሥርም አልታየሽም። «ዓይነት አንድ ናት» አልሽ። ተቆርጣ ሄደች። የላብራቶሪ ውጤቱ ሴሲል ሰሬትድ የሚባለው የፖሊፕ ዓይነት ሆኖ መጣ።

እህቴ፣ አልተሳሳትሽም። እሺ፣ ተሳስተሻል፤ ግን የተሳሳትሽው ልክ እንደተማርሽው ነው። ናይስ የሚባለው የፖሊፕ አከፋፈል ሦስት ነገር ያያል፦ ቀለም፣ የደም ሥር፣ የገጹ ንድፍ። ከዙሪያዋ ጋር የምትመሳሰል ወይም የፈዘዘች፣ የደም ሥሯ የማይታይ ወይም እዚህም እዚያም ቀጭን ክር የመሰለ፣ ወጥ ነጠብጣብ ያላት ከሆነች ዓይነት አንድ ናት። ቡናማ ከሆነችና ቡናማ የደም ሥሮች ሞላላ ወይም ቅርንጫፍ የመሰሉ ነጫጭ ቅርጾችን ከከበቡ ሁለት ናት። ይህቺ አዴኖማ ናት፤ ብትተው ከዓመታት በኋላ ወደ ካንሰር ልትሄድ ትችላለች። ጠቆር ብላ፣ ንድፏ ፈርሶ፣ የደም ሥሯ ተቆራርጦ ወይም ጠፍቶ ከታየች ሦስት ናት። እዚያ ላይ ካንሰሩ ወደ ታች ጠልቋል ተብሎ ይጠረጠራል፣ በስናር፣ አንቆ በሚቆርጠው የሽቦ ቀለበት፣ ልቁረጥ ተብሎ አይቸኮልም።

ሰሬትዷ የት ትግባ? አንድ ውስጥ። ናይስ ሃይፐርፕላስቲክ ከምትባለው ከሌላዋ የፖሊፕ ዓይነት አይለያትም። ሃይፐርፕላስቲኳ አብዛኛውን ጊዜ ትንሽ ናት፣ ከደንዳኔው ታችኛ ክፍል ትገኛለች፣ ጉዳት የላትም። ሰሬትዷ ግን በራሷ መንገድ ካንሰር መሆን ትችላለች። በዚህ ምክንያት ነው በፈረንጆቹ 2016 ዋስፕ የሚባል ተጨማሪ መለያ የወጣው። አራት ምልክት አለው፦ ደመና የመሰለ ገጽ፣ የማይለይ ጠርዝ፣ ወጥ ያልሆነ ቅርጽ፣ በቀዳዳዎቹ ውስጥ ጥቁር ነጥብ። ከአራቱ ሁለቱ ከተገኙ ሰሬትድ ናት ትያለሽ። አሁን የራስሽን ደብዳቤ መልሰሽ አንብቢው። «የት ጋ እንደምታልቅ አልለይ ብሎኝ ነበር» ብለሻል። «ጉም የመሰለች» ብለሻል። አይተሻታል እኮ! ያጣሽው ስሟን ብቻ ነው።

ግምት ነው ወይ ላልሽው፣ አዎ፣ ግምት ነው። ግን የሚለካ ግምት ነው። የአሜሪካ የኢንዶስኮፒ ሐኪሞች ማኅበር በፈረንጆቹ 2011 አንድ መስፈርት አውጥቶ ነበር። ከታች በኩል ያለች፣ ከ5 ሚሊ ሜትር የማትበልጥ ፖሊፕ በመልኳ ብቻ «አዴኖማ አይደለችም» ተብላ ሳትቆረጥ እንድትቀር ከተፈለገ፣ ያ አባባል ቢያንስ 90 በመቶ ትክክል መሆን አለበት አለ። ያውም በእርግጠኝነት ለተነገሩት ብቻ። ይህን ልብ በይ፤ «እርግጠኛ ነኝ» እና «እርግጠኛ አይደለሁም» ማለት ራሱ የሥራው አካል ነው። አንቺ ግን ሦስተኛ መንገድ ይዘሻል፣ ዝምታ። እሱ የትኛውም አከፋፈል ውስጥ የለም።

ዝምታሽን የማልወድበት ሌላም ምክንያት አለ። ነርሷ ከሐኪሙ ጋር አብራ ስክሪኑን ስትከታተል የሚገኘው ፖሊፕ እንደሚጨምር ያሳዩ ጥናቶች አሉ። አራት ዓይን ከሁለት ይሻላል፣ በቃ። በተለይ ለዝርጎቹ። ግንድ ያላትን፣ እንደ እንጉዳይ የቆመችውን ማንም ያያታል። በፈረንጆቹ 2002 ፓሪስ ላይ የተሰበሰቡ ባለሙያዎች ቅርጽን ሲከፋፍሉ ባለ ግንዷን፣ ተቀማጯን፣ ዝርጓን፣ ጎድጓዳዋን ለየብቻ ያስቀመጡት ያለ ነገር አይደለም። ጎድጎድ ያለች ትንሽ ፖሊፕ፣ ግንድ ካላት ትልቅ ይልቅ ልታስፈራ ትችላለች። እኛ ባሕር ዳሮች ይሄ ሊገባን ይገባል። እምቦጭን ዛሬ ሕፃን ልጅ ያውቀዋል፤ ጣናን አልብሶት አይቷላ። በ2011 በፈረንጆቹ ሐይቁ ላይ መግባቱ ሲነገር ግን ስንቶቻችን ነበርን ከሌላው የውኃ ዳር ሣር ለይተን የምናውቀው? አንድ ዓሣ አጥማጅ ዘመድ አለኝ። ቅጠሉ ሥር ያለችውን አየር የያዘች እብጠት በጣቱ ጫን እያደረገ ነበር የሚያሳየኝ። «ይቺን እይ፣ አበባውን ተወው» ይለኝ ነበር።

አሁን የነካኝን ልንገርሽ። እኔ ምክር መስጠት ከመጀመሬ በፊት 11 ዓመት ፓቶሎጂ፣ ማለትም ናሙና በማይክሮስኮፕ በሚመረመርበት ላብራቶሪ ሠርቻለሁ። እናንተ የምትልኩትን ጠርሙስ የምከፍተው እኔ ነበርኩ። ቁራጯን ሰም ውስጥ ቀብሬ፣ በማይክሮቶም፣ በስስ መቁረጫው ማሽን፣ 4 ማይክሮን አድርጌ ቆርጬ፣ ውኃ ላይ አንሳፍፌ፣ በመስታወት አንስቼ፣ ሮዝና ወይን ጠጅ ቀለም አስነክሬ ለሐኪሙ የማቀርበው እኔ። አንድ ቀን ከአንድ ክሊኒክ ጠርሙስ መጣ። ውስጡ ሦስት ቁራጭ፣ ላዩ ላይ በእስክሪብቶ «ደንዳኔ» ብቻ። የትኛው ቁራጭ ከየት እንደተነሳ የሚያውቅ የለም። ከሦስቱ አንዱ መጥፎ ሆኖ ተገኘ። የቱ? ከቀኙ ነው? ከታችኛው ነው? ደወልን። «ሁሉም ከአንጀት ነው» አሉን። ታካሚው እንደገና ሆዱን አጥቦ፣ እንደገና ከፍሎ፣ እንደገና ተኛ። ያን ቀን ክፍሉ ውስጥ ለአንድ ፖሊፕ አንድ ጠርሙስ የምትል ነርስ ብትኖር ኖሮ ይሄ ሁሉ አይመጣም ነበር። እሷ ደግሞ አንቺን ነው የምትመስለኝ።

ስለዚህ ደብተር ግዢ። ደንበኛ ደብተር፣ ባለ መስመር። የታካሚ ስም አይጻፍበትም፤ ዶክተሩ የሚስማሙበት ተራ ቁጥር ይበቃል። ከየት ቦታ፣ ስንት ሚሊ ሜትር፣ ቅርጿ፣ በነጭ ብርሃን ምን መሰለች፣ በሰማያዊው ምን መሰለች፣ ግምትሽ፣ እርግጠኛ ነሽ ወይስ አይደለሽም። የመጨረሻውን ዓምድ ባዶ ተዪው፣ ለፓቶሎጂ። ዶክተሩ ውጤቱ በእጃቸው ሲገባ እንዲያሳዩሽ ለምኚያቸው። እንዳይረሱት ደግሞ ጨቅጭቂያቸው። ጥሩ ዓይን አለሽ ያሉ ሰው ይሄን አይከለክሉም። የፖሊፕ መጠን በግምት ሲነገር ሁሉም ሰው ያበላሻል፤ ስለዚህ የተከፈተውን ፎርሴፕሳችሁን በማስመሪያ ለኪው፣ 7 ሚሊ ሜትር አካባቢ ይሆናል፣ ከዚያ ስክሪኑ ላይ ከፖሊፗ ጎን ሲቀርብ አስተያዪው። ውጤቱን ሳታውቂ በፊት ጻፊ። ካወቁ በኋላ መገመት ለሁላችንም ይሳካልናል። ሰማያዊውን ብርሃንም እንደ ጌጥ አትይው። ወደ 415 እና 540 ናኖሜትር አካባቢ የጠበበ ብርሃን ነው፤ ሁለቱንም ደም ስለሚውጣቸው የደም ሥሩ ጎልቶ ይወጣል። አንጀቱ በደንብ ካልታጠበ ግን ምንም ብርሃን አያድንሽም። ለዝግጅቱ ለታካሚው የምታስረጂው አንቺ ነሽ አይደል? እንግዲያው ግማሹ ሥራ ከክፍሉ ውጭ፣ አግዳሚ ወንበሩ ላይ ነው ያለው።

አንድ መቶ ፖሊፕ ሲሞላ «ጥሩ ዓይን አለኝ ወይ?» ብለሽ ለኔ አትጽፊም። ቆጥረሽ ትነግሪኛለሽ።

ወንድምሽን በተመለከተ ሳላለዝብ ልናገር። የሚከፍለው ለአንቺ ነው ወይስ ለቤተሰቡ አልበም? ደብዳቤሽ ውስጥ አንዲት ዓረፍተ ነገር አለች፣ አንቺ ራስሽ ያለፍሻት ይመስለኛል። ትንሹን ወንድማችሁን የግል ትምህርት ቤት የምታስተምሪው አንቺ ነሽ፣ ከደመወዝሽ ግማሹ እዚያ ይሄዳል ብለሻል። ለማስተርስሽ የሚከፍል ታላቅ ወንድም የትንሹን ክፍያ ለምን አይከፍልም? ይህን ጠይቂው። በቁጣ አይደለም፤ ቡና ተፈልቶ፣ እናታችሁ ባሉበት። እሱን ከቻለ ያ ግማሽ ደመወዝ ያንቺ ነው፤ ማንም ሳይመርቅሽ ደመወዝሽ ተጨመረ ማለት ነው።

ማስተርሱን ራሱን አልጠላውም። እኔም ይዤዋለሁ፤ በቅዳሜና እሁድ ተምሬ። ከዚያ ቢሮ ተሰጠኝ፣ ወንበሩ ይሽከረከራል። ሪፖርት፣ ወርክሾፕ፣ አበል። ገንዘቡ ተሻሽሏል፣ አልዋሽሽም። ባለፈው ዓመት የድሮ ላብራቶሪዬን ልጠይቅ ሄጄ፣ አሁን እዚያ የሚሠራው ልጅ «ጋሼ፣ አንዷን ይቁረጡልን» ብሎ ማይክሮቶሙ ፊት አስቀመጠኝ። ሰሙ እጄ ላይ ተፈረካከሰ። ልጁ አየኝና ስልኩን የሚነካካ መሰለ።

ላንቺ የምለው፣ መስከረምን አሳልፊው። ማስተርስ መስከረም በመጣ ቁጥር አለ። መማር ካለብሽም ከእጅሽ የማያርቅሽን ምረጪ፤ የአዋቂዎች ጤና ነርሲንግ ለምሳሌ። የግል ክሊኒኮች ማሽን ሲገዙ ስኮፑን፣ ማለትም የካሜራ ቱቦውን፣ በሥርዓት የሚያጥብ፣ ጠርሙሱን በትክክል የሚጽፍ፣ ስክሪን የሚያነብ ሰው ይፈልጋሉ፤ የማታ ዱቲ ስትጠየቂ ደብተርሽን ይዘሽ ሄደሽ ዋጋሽን ተናገሪ። እንግሊዝ አገር ነርሶች ሠልጥነው ራሳቸው ኮሎኖስኮፒ ይሠራሉ። እዚህ ቱቦውን የሚይዙት ዶክተሩ ናቸው፣ እሱን ተስፋ አድርገሽ አትቆዪ።

የቀሩትን ቶሎ ቶሎ ልመልስ። «ኮምፒዩተር ፖሊፕ መለየት ከጀመረ እኔ ምን እሠራለሁ?» ላልሽው፣ ጀምሯል። በፈረንጆቹ 2021 አሜሪካ ውስጥ ፖሊፕ የሚጠቁም አንዱ ፈቃድ አግኝቷል። ያልታጠበ አንጀት ግን እሱንም ያሳውረዋል፣ ጠርሙስ ላይም አይጽፍም። እንግሊዝኛዬ ደካማ ነው ያልሽው ደግሞ፣ የሚያስፈልጉሽ ቃላት አርባ ቢሞሉ ነው፤ ግማሾቹን ደብዳቤሽ ውስጥ በትክክል ተጠቅመሻቸዋል። እጮኛሽ አዲስ አበባ መሆኑን ጠቅሰሻል፣ ግን ስለሱ ምንም አልጠየቅሽም። እኔም አልመልስም። እናትሽ ወሬ የሚቀይሩት አፍረው ሳይሆን ምን ብለው እንደሚያስረዱ ስላላወቁ ይመስለኛል። «ካንሰር ሳይሆን በፊት የሚይዙት ክፍል ናት» በያቸው። ጎረቤት ጋ እስኪደርስ አንድ ሳምንት አይፈጅም።

ደብተሩን ሰኞ ክፈቺው። የመጀመሪያው ተራ ላይ ያቺን የቀኝ በኩሏን ጻፊ። 12 ሚሊ ሜትር፣ ዝርግ፣ ንፍጥ የለበሰች፣ ጠርዟ የማይለይ። ግምት፦ አንድ። ውጤት፦ ሰሬትድ።