ወደ ሲሼልስ ለሥራ ለምትሄደው እህታችን

እህቴ፣ ማሄ ደሴት ላይ ባለ ሆቴል በእንግዳ ተቀባይነት መቀጠርሽን ነግረሽን «ሕዝቡ ፈረንጅ ነው ወይስ አፍሪካዊ? የሚያስተዳድራቸው ማን ነው? እኛንስ እንዴት ያዩናል?» ብለሽ ጠይቀሻል። እኔ ከ2017 እስከ 2021 እዚያው ማሄ ላይ በአንድ ሆቴል ዕቃ ግምጃ ቤት ሠርቻለሁ። ያየሁትንና ከሰዎቹ የሰማሁትን ልጻፍልሽ፤ ቀኖቹ፣ ወሮቹና ዓመቶቹ ሁሉ በፈረንጅ አቆጣጠር ናቸው።

የመጀመሪያውን ጥያቄሽን እኔም በደረስኩበት ሳምንት አብሮኝ ለሚሠራ ሰው አቅርቤለት ነበር። መልኩ ጠይም፣ ዐይኑ አረንጓዴ፣ የቤተሰቡ ስም ፈረንሳይኛ፣ አያቱ ሕንዳዊት ናቸው። «ሴሴልዋ ነኝ» አለኝ፤ የሲሼልስ ሰው ማለቱ ነው። «ዘርህስ?» ብዬ ስደግምለት ፊቱ ተለወጠ። ቅር የተሰኘበት ምክንያት የገባኝ ታሪካቸውን ካወቅሁ በኋላ ነው። በእነዚያ ደሴቶች ላይ ነባር ሕዝብ አልነበረም። በነሐሴ 1770 ከአንዲት መርከብ 28 ሰዎች ወረዱ፤ ከእነርሱም ውስጥ ፈረንሳዮች፣ አፍሪካውያን ባሮችና ሕንዶች ነበሩ። ከዚያ በኋላ የሕዝቡ ቁጥር የበዛው ከምሥራቅ አፍሪካና ከማዳጋስካር ተሸጠው በመጡ ሰዎች ነው። ባርነት በ1835 ከቀረ በኋላም የእንግሊዝ የጦር መርከቦች በባሕር ላይ ከባሪያ ነጋዴዎች ያስጣሏቸውን አፍሪካውያን እዚያ ያራግፉ ነበር። ቻይናዎችና ሌሎች ሕንዶች ደግሞ ለንግድ መጡ። ስለዚህ ዘር መጠየቅ እዚያ ቤት ውስጥ የቆየ ቁስል መነካካት ነው፤ እባክሽ እንደ እኔ አትጀምሪ።

እነዚህ ሁሉ ሰዎች መግባቢያ ሲፈልጉ ክሬኦል የሚባለው ቋንቋ ተወለደ። አብዛኛው ቃሉ ከፈረንሳይኛ የመጣ ነው፤ ለረጅም ዘመን ግን «የተሰበረ ፈረንሳይኛ» እየተባለ ሲናቅ ኖሯል። ከነጻነት በኋላ ፊደል ተቆረጠለት፤ በ1980ዎቹ መጀመሪያ የትምህርት ቤት ቋንቋ ሆነ፤ ዛሬ ከእንግሊዝኛና ከፈረንሳይኛ ጋር የመንግሥት ቋንቋ ነው። በእንግሊዝኛ ብቻ ሥራሽን መሥራት ትችያለሽ። ሆኖም ጠዋት «ቦንዙር፣ ኪ ማንየር?» ብለሽ ስትገቢ የሚበራውን ፊት ያኔ ታይዋለሽ። ሱቅ ገብቶ ሰላምታ ሳያቀርቡ ዋጋ መጠየቅ ነውር ነው፤ በዚህስ ከእኛ ጋር አንድ ናቸው።

ሙትያ የሚባል ጭፈራም አላቸው። የፍየል ቆዳ የተወጠረበትን ሰፊ ከበሮ እሳት ዳር አሙቀው ይመቱታል። ባሮች ሌሊት ተሰብስበው የጌታቸውን ክፋት የሚያወጡበት ዘፈን ስለነበር ቅኝ ገዢዎቹ በከተማ ውስጥ ማታ ከበሮ እንዳይመታ ከልክለውት ነበር፤ በ2021 ደግሞ በዩኔስኮ የማይዳሰሱ ባህላዊ ቅርሶች መዝገብ ገባ። አንዲት የወጥ ቤት ሠራተኛ የአንድ ግጥም ስንኝ ስትፈታልኝ ላይ ላዩን ስለ ዓሣ፣ ውስጡ ስለ አለቃ መሆኑን ሳይ ሰምና ወርቃችን ትዝ ብሎኝ ዐይኔ እንባ አቀረረ።

እንግሊዞች ደሴቶቹን ከፈረንሳይ ከወሰዱ በኋላ የግዞት ቦታም አድርገዋቸው ነበር። በዛሬዋ ጋና የሚገኘው የአሻንቲ ንጉሥ ፕሬምፔ ከ1900 እስከ 1924 እዚያ ታስረዋል፤ እንግሊዞችን የተዋጉት የአሻንቲዋ እመቤት ያ አሳንቴዋ በ1921 እዚያው ዐርፈዋል። በዛሬዋ ዩጋንዳ ካሉት መንግሥታት የቡጋንዳው ንጉሥ ምዋንጋ እዚያው ሞቱ፤ የቡኞሮው ንጉሥ ካባሌጋ ደግሞ በ1923 ተፈትተው ሲመለሱ ቤታቸው ሳይደርሱ በመንገድ ዐረፉ። ቱሪስት ሁሉ ገነት የሚለው ባሕር ለእነዚህ ነገሥታት የእስር ቤት ግንብ እንደነበር ሳስብ ዛሬም ልቤ ይከብዳል።

ወደ አስተዳደሩ ልምጣ። ነጻነታቸውን ያገኙት ሰኔ 29 ቀን 1976 ነው። ዓመት ሳይሞላ፣ የመጀመሪያው ፕሬዚዳንት ጄምስ ማንቻም ለስብሰባ ለንደን ሳሉ፣ ጠቅላይ ሚኒስትራቸው ፍራንስ አልበርት ሬኔ በመፈንቅለ መንግሥት ሥልጣኑን ያዙ። በ1981 ቅጥረኛ ወታደሮች ሬኔን ሊገለብጡ ቱሪስት መስለው ገቡ፤ አውሮፕላን ጣቢያው ላይ ሻንጣ ውስጥ መሣሪያ ሲገኝ ተኩስ ተከፈተ፤ አብዛኞቹም የሕንድ አውሮፕላን ጠልፈው ወደ ደቡብ አፍሪካ አመለጡ። የብዙ ፓርቲ ሕገ መንግሥት የመጣው በ1993 ነው። አሁን ፕሬዚዳንቱን ሕዝቡ በቀጥታ ለአምስት ዓመት ይመርጣል፤ ከሁለት ዘመን በላይ መቀመጥ አይቻልም።

በዚህ ጉዳይ ላይ ጥንቃቄ እንድታደርጊ እለምንሻለሁ። ስለ ሬኔ ዘመን አንዱ ቤት ነጻ ሕክምናና ትምህርት፣ ለድሃም ቤት የመጣበት ዘመን እያለ ይመርቃል፤ ጎረቤቱ ደግሞ መሬቱን ተነጥቋል፣ ወይም ወንድሙ ወጥቶ ቀርቷል። የሀገሩ ሰው በጠቅላላው ከአንድ የአዲስ አበባ ክፍለ ከተማ ሕዝብ ያንሳል። በዳይና ተበዳይ በአንድ አውቶቡስ ይሳፈራሉ፣ በአንድ ቤተ ክርስቲያን ያስቀድሳሉ። እኔ በነበርኩበት ጊዜ የእውነትና የዕርቅ ኮሚሽን በአደባባይ ምስክር ይሰማ ነበር፤ በምሳ ሰዓት ቴሌቪዥኑ ሲከፈት ክፍሉ ጸጥ ይላል፤ አንዳንዱ ሳህኑን ይዞ ይወጣል። ያን ጸጥታ አይቼ ስለ ፖለቲካቸው አስተያየት መስጠት ለእንግዳ እንደማይገባ ተማርኩ።

በጥቅምት 2020 ግን የማይረሳኝን ነገር አየሁ። ዌቭል ራምካላዋን የአንግሊካን ቄስ ናቸው፤ በ2015 በተደረገው ሁለተኛ ዙር ምርጫ የተሸነፉት በ193 ድምፅ ብቻ ነበር። በ2020 አሸነፉ፤ ተቃዋሚ በምርጫ ሥልጣን ሲይዝ ከነጻነት ወዲህ የመጀመሪያው ነበር። ተሸናፊው ፕሬዚዳንት ዳኒ ፎር ውጤቱን ተቀብለው ከአሸናፊው ጎን ተቀመጡ። እኛ አበሾቹ ቤት ተሰብስበን ስናይ ማናችንም ለረጅም ጊዜ አልተናገርንም። በ2025 ደግሞ ራምካላዋን ራሳቸው በፓትሪክ ሄርሚኒ ተሸንፈው ወረዱ።

አገሪቱን ትንሽ ናት ብለሽ አትናቂያት። የብሷ ወደ 455 ካሬ ኪሎ ሜትር ብቻ ነው፤ የምታዝዝበት የባሕር ክልል ግን ከኢትዮጵያ የቆዳ ስፋት ይበልጣል። ከዚያ ባሕር 30 በመቶውን በሕግ ጥብቅ አድርጋለች። የሚያኖራት ቱሪዝምና ቱና ዓሣ ነው፤ በኮሮና ጊዜ ሆቴሎቹ ሲዘጉ ግምጃ ቤቴ ውስጥ ሩዝ እየቆጠርኩ የተቀመጥኩባቸው ወራት ይህን በደንብ አስተምረውኛል።

እኛን ስለማየታቸው፦ አየር መንገዳችንን ያውቁታል፣ በክብርም ይጠሩታል። ከሕንድ፣ ከማዳጋስካር፣ ከኬንያና ከሌላም ቦታ የመጣ ሠራተኛ ብዙ ስለሆነ «ሥራችንን ወሰዱብን» የሚል ቅሬታ መስማትሽ አይቀርም። እንዲህ በሚለው ሰው አትፍረጂበት፤ አብዛኛው የሚበላው ነገር በመርከብ የሚመጣበት ሀገር ኑሮው ውድ ነው።

የሥራ ፈቃዱ የሚሰጠው በአንድ ቀጣሪ ስም ነው፤ እዚያ ደርሰሽ ሥራው ባይስማማሽ እንዲሁ ተነሥተሽ ወደ ሌላ ሆቴል መግባት አትችይም። ስለዚህ ከመሳፈርሽ በፊት ፈቃዱ መውጣቱን፣ የተጻፈውም የፈረምሽለት ሆቴል ስም መሆኑን፣ መኝታና ምግብ ከደመወዝሽ ይቆረጥ አይቆረጥ በውሉ ላይ መስፈሩን አረጋግጪ።