ካርዱ ስንት ነው?

ባለፈው ሳምንት የጎረቤታችን ልጅ ላፕቶፑን በፌስታል ጠቅልሎ ቤቴ መጣ። ከቀኑ ስምንት ሰዓት ነው፤ ድሬዳዋ ሰው ሁሉ ጥላ ፈልጎ ጋደም በሚልበት ሰዓት። ገና ቁጭ ሳይል፣ «ጋሼ፣ ጌሙ አልከፍት ብሎኛል፤ ግራፊክስ ካርድ ስንት ነው?» አለኝ። ምን ብሎ እንደሚዘጋ፣ መቼ እንደጀመረው፣ ከዚያ በፊት ይከፍት እንደሆነና እንዳልሆነ አንዱንም አልነገረኝም። ምርመራውን ጨርሷል፣ መድኃኒቱን አዟል፣ የቀረው ዋጋው ብቻ ነው። ደግሞ የያዘው ላፕቶፕ ይህ የጨዋታውን ሥዕል የሚያወጣው ካርድ የሚሰካበት ቦታ እንኳን የለውም።

ልስቅበት ነበር። ነገር ግን «ካርዱ ስንት ነው?» የምትለዋ ጥያቄ አንድ ሽማግሌ አስታወሰችኝና ሳቄ ጠፋ። ይህን የምጽፍላችሁ ስለዚያ ሰው ነው። ስለ ጌም ጥገናም በመንገዴ ላይ ያገኘሁትን እነግራችኋለሁ፤ «አጥፍተህ አብራው» የሚለውን ግን ከእኔ አትጠብቁ፤ እሱን ታናሽ እህታችሁም ታውቀዋለች።

በ2001 ዓ.ም. ከዚራ ሰፈር ውስጥ አንዲት ጠባብ የኮምፒውተር መጠገኛ ነበረችኝ። ስሜ የገነነበት ጊዜ ነበር። የገነነውም በክፉ ቀን ነው። በ1998 ዓ.ም. ሐምሌ መጨረሻ ደቻቱ በሌሊት ሞልቶ ከሁለት መቶ በላይ ሰው ሲወስድ ሱቄ ከወንዙ ራቅ ያለች ስለነበረች ተረፈች። ከዚያ በኋላ በነበሩት ሳምንታት ሰዎች ጭቃ የጠጡ ኮምፒውተሮች ተሸክመው ይመጡ ነበር። ቦርዱን ፈትቼ በንጹሕ ውኃ አጥባለሁ፣ በጥርስ ብሩሽ ጭቃውን ከየጥጋጥጉ አወጣለሁ፣ ከዚያ ቀናት ሙሉ አደርቃለሁ። ብዙዎቹ አልተነሡም። የተነሡት ግን ወሬ ሆኑ። አንዲት እናት ኮምፒውተሩ ሲበራ አይታ እልል ያለችውን እስከ ዛሬ እሰማዋለሁ። ሰው «ሐኪሙ» ይለኝ ጀመር፤ እኔም አመንኩ። ሰው ሐኪም ሲባል ውሎ ሲያድር በሽተኛውን ማየት ይተዋል። እኔም ተውኩት።

ሽማግሌው የመጣው በዚያ ትዕቢቴ ላይ ነው። ጡረታ የወጣ የባቡር ሠራተኛ ነበር፤ «ሸሚንደፈር» ሲል አንደበቱ የሚጣፍጥ፣ ሸሚዙ እስከ አንገቱ የተቆለፈ ሰው። ከኋላው ልጅ እግር የልጅ ልጁ ኮምፒውተሩን በጋሪ አስጭኖ ተከተለው። ለልጁ በትምህርቱ ጎበዝ ስለወጣ ከመርካቶ የመጣ አሮጌ ፔንቲየም 4 ኮምፒውተር ገዝቶለት ኖሯል። የእግር ኳስ ጨዋታውን በዲቪዲ ጭነውታል፤ ሲከፍቱት ግን አንዲት ትንሽ ሳጥን ጽሑፍ ብቅ ትልና ይዘጋል።

አበራሁት። ጽሑፉ ወጣ። በመካከሉ «3ዲ» የሚል አየሁ። በቃ፣ ያ በቃኝ። 3ዲ ከሆነ የግራፊክስ ካርድ ነዋ! «አባባ፣ ካርድ የለውም፤ ያለ ካርድ አይሠራም» አልኩት፤ ጽሑፉንም ዘጋሁት።

ሽማግሌው ወዲያው አልተቀበለኝም። ወንበር ስቦ ተቀመጠና የራሱን ሥራ ይነግረኝ ጀመር። ባቡር ጣቢያ ሲገባ ረጅም እጀታ ያለው መዶሻ ይዞ ከፉርጎ ፉርጎ እየሄደ መንኮራኩሩን ይመታ ነበር። ደህናው ብረት እንደ ደወል ይጮኻል፤ የተሰነጠቀው ድምፁ ይታፈናል። «ዓይን ያታልላል። አዲስ ቀለም የተቀባ መንኮራኩር ውስጡ ተሰንጥቆ አግኝቻለሁ። አንተ አሁን የትኛውን መትተህ ሰማኸው?» አለኝ።

«አባባ፣ ይሄ ኮምፒውተር ነው፤ መዶሻ አይወድም» አልኩት። ሱቁ ውስጥ የነበሩት ልጆች ሳቁ። እሱም አብሯቸው ፈገግ አለና ዋጋ ጠየቀኝ። «ካርዱ ስንት ነው?»

850 ብር አልኩት። በጅቡቲ በኩል ከመጡት አሮጌ ካርዶች አንዱ መደርደሪያዬ ላይ ነበር። ገንዘቡን ከውስጥ ኪሱ አውጥቶ ሲቆጥር ኖቶቹ አንድ ዓይነት እንዳልነበሩ አስታውሳለሁ፤ በተለያየ ወር የተቀመጡ ነበሩ። ማታ ሲመለስ ሊወስደው ትቶልኝ ሄደ።

ካርዱን ሰካሁ። ሹፌሩን ጫንኩ፤ ድራይቨሩን፣ ኮምፒውተሩ ካርዱን እንዲያዝ የሚያደርገውን ፕሮግራም ማለቴ ነው፤ እኛ ያን ጊዜ በቀልድ ሹፌር እንለው ነበር። ጨዋታውን ከፈትኩት። ያችው ሳጥን ያንኑ ጽሑፍ ይዛ ብቅ አለች።

አሁን አነበብኩት። ዲ-3-ዲ-ኤክስ-9 በሚል የሚጀምር አንድ ፋይል ስላልተገኘ ፕሮግራሙ ሊጀመር አልቻለም ይላል። ሌላ ምንም አይልም። ካርድ አላለም። ጠዋትም ያለው ይህንኑ ነበር። ፋይሉ ማይክሮሶፍት ጨዋታዎች ሥዕልና ድምፅ እንዲያወጡበት ያዘጋጀው የዳይሬክት ኤክስ ቁራጭ ነው፤ ዊንዶውስ ሲጫን አብሮ አይመጣም፣ ጨዋታው ራሱ ይዞት መምጣት ነበረበት፤ የተገለበጠው ዲቪዲ ግን ጎዶሎ ነበር። ጨዋታው ከሚሠራበት ከሌላ ኮምፒውተር ፋይሉን በፍላሽ አምጥቼ ጨዋታው የተጫነበት ፎልደር ውስጥ አስቀመጥኩት። ከፈተ። ኳሷ ተንከባለለች።

እዚህ ድረስ ስሕተት ነው። ስሕተት ሁሉም ሰው ይሠራል። ቀጥሎ ያደረግሁት ግን ሌላ ስም አለው። ካርዱን ነቀልኩትና ያለ ካርድ ሞከርኩት። ሣሩ ትንሽ ደበዘዘ እንጂ ጨዋታው ይሮጣል። ካርዱን በእጄ ይዤ ቆምኩ። የሱቁ ኪራይ ከደረሰ ሳምንት አልፎታል፤ ባለቤቱ ሁለት ጊዜ ልኮብኛል። ከዚያ ካርዱን መልሼ ሰካሁት፤ ክዳኑንም በአራቱም ብሎን አጥብቄ ዘጋሁ። ሌላ ጊዜ ሁለት ብሎን ብቻ ነበር የምመልሰው።

ማታ መጣ። ልጁ ሲጫወት አየ፤ ዓይኑ እንባ አቀረረ። «መትተህ ሰምተኸዋል ማለት ነው» አለኝ። ምንም አልመለስኩም።

ብዙ ጊዜ ራሴን አጽናናለሁ። በካርዱ ሥዕሉ ያማረ ነበር፤ ልጁም ቆይቶ ከበድ ያለ ጨዋታ ሲጭን ጠቅሞታል፤ ስለዚህ ንጹሕ ሌብነት አይደለም እላለሁ። ይህን ስል ግን ያች አራተኛዋ ብሎን ትታየኛለች።

የከፋው ምስጋናው ነው። የባቡር ጡረተኞችን ሁሉ ወደ እኔ ላካቸው። በየበዓሉ ከሚስቱ እጅ የወጣ ሐልዋ ያመጣልኝ ነበር። ከሁለት ዓመት በኋላ ደግሞ አንድ ቀን ያንን ካርድ በንጹሕ መሐረብ ጠቅልሎ መጣ። የካርዱ ማራገቢያ በድሬ አቧራ ታፍኖ ቆሞ ነበር። «አንተን ላለማስቸገር ራሴ ፈትቼ፣ ጠርጌ፣ ዘይት ጠብ አድርጌበት አሁን ይዞራል፤ ግን አንተ ሳታየው አልሰካውም» አለኝ። አየሁለት። ማራገቢያው ያለ ድምፅ ይዞራል፤ እኔ እንኳን እንዲያ አድርጌ አላውቅም። ያን ቀን ልነግረው ይገባ ነበር። ሱቁ ውስጥ ማንም አልነበረም፣ ጊዜም ነበረኝ። «በጣም ጥሩ ሠርተኸዋል አባባ» ብዬ ሸኘሁት። ከዚያ ወዲህ ልጁ ጋር ለመኖር ከድሬ ሄዷል፤ ዳግም አላየሁትም።

እናንተን ወጣት ተጫዋቾችን አያለሁ። ጎበዞች ናችሁ፤ እኛ በወር የምንማረውን በአንድ ማታ ትማራላችሁ። ማንበብ ግን አትወዱም። የስሕተት ጽሑፍ ሲወጣ ዓይናችሁ ከማረፉ በፊት ጣታችሁ «ኦኬ»ን ይጫናል፤ ከዚያ ቪዲዮ ትከፍታላችሁ፣ አንድ የማታውቁት ሰው አውርዱ ያላችሁን ታወርዳላችሁ። ጽሑፉን በስልካችሁ ፎቶ አንሱት። ሳጥን ሳያወጣ ድርግም ብሎ የሚዘጋ ከሆነ ደግሞ ዊንዶውስ ውስጥ ኢቨንት ቪወር የሚባል መዝገብ አለ፤ ጨዋታው በወደቀባት ደቂቃ የትኛው ሞጁል፣ ማለትም የትኛው የፕሮግራም ቁራጭ እንደጣለው በስሙ ጽፎ ያስቀምጣል። መዶሻችሁ እሱ ነው።

«ዳይሬክት ኤክስ 12 አለኝ፣ እንዴት የ9 ፋይል ይጎድለኛል?» የሚል ልጅ ብዙ ገጥሞኛል። ይጎድላል። አዲሱ እነዚያን አሮጌ ቁራጮች ይዞ አይመጣም፤ ማይክሮሶፍት በሰኔ 2010 እንደ ፈረንጅ አቆጣጠር ያወጣው ጥቅል ለብቻው ይጫናል። ብዙ ጨዋታ የሚደገፍበት ሌላው የማይክሮሶፍት ጥቅል፣ ቪዥዋል ሲ ፕላስ ፕላስ የሚባለውም እንዲሁ ነው። የ2010 ዓመቱ የ2013ን አይተካም፤ ኮምፒውተራችሁ ባለ 64 ቢት ቢሆንም የ32 ቢቱንም ጫኑ፤ ጨዋታው 32 ቢት ከሆነ የሚፈልገው እሱን ነው። ነጠላ ፋይል ከማይታወቅ ቦታ አታውርዱ። እኔ በፍላሽ አምጥቼ አልነበር ወይ ትሉኝ ይሆናል። አዎ፣ አምጥቻለሁ፤ በዚያው ፍላሽ ስንት ቫይረስ ከሱቅ ሱቅ እንዳዞርኩም እግዚአብሔር ያውቃል። አንቲቫይረስም ቢሆን አንዳንዴ የጨዋታውን ዋና ፋይል ጠርጥሮ ያግተዋል፤ ጨዋታው «ጠፋ» ከተባላችሁ መጀመሪያ የአንቲቫይረሱን እስር ቤት፣ ኳራንቲን የሚለውን እዩ። ዕቃ መግዛት የመጨረሻው ነው። እርግጥ ነው፣ አንዳንዴ በእውነት ካርዱ ነው፤ አሮጌ ፕሮሰሰር ላይ አዲስ ጨዋታ ጭኖ ይከፈታል ብሎ መጠበቅም አህያን ከቁልቢ ዳገት ላይ በሩጫ እንደመጠበቅ ነው።

የእኛ አገር ብቻ የሆኑ ችግሮችም አሉ፤ እነሱን የውጭ ቪዲዮ አይነግራችሁም። አንድ የሐረር ተማሪ የዊንዶውስ መጠቀሚያ ስሙን በአማርኛ ጽፎ ሦስት ጨዋታ እንቢ አለው። አንዳንድ ጨዋታዎች የምታስቀምጡበት ፎልደር ስም ውስጥ የግዕዝ ፊደል ካለ መንገዱን ማንበብ አይችሉም። በላቲን ፊደል ሌላ መጠቀሚያ ስም ከፈትንለት፣ ሦስቱም ተነሡ። ቋንቋዬን ለምን ተውኩ ብሎ ተናደደ፤ ንዴቱ ልክ ነው፤ ጥፋቱ የፊደላችን አይደለም።

ወደ ጎረቤቴ ልጅ ልመለስ። ላፕቶፑን ከፈትኩት። ጨዋታው በኢንተርኔት ገብቶ የሚከፈት ነው፤ «መገናኘት አልተቻለም» ይላል። «ኔትወርኩ ነው» አለኝ። በስልኩ ግን ቪዲዮ እያየ ነው! ድረ ገጽ ስንከፍት ደግሞ የደኅንነት ማስጠንቀቂያ ይመጣል። ከታች ጥግ ላይ ሰዓቱን አየሁ። ዓመተ ምሕረቱ 2018 ይላል።

አባቱ ነው። ኮምፒውተሩ «ተሳስቶ» ስላገኘው በኢትዮጵያ አቆጣጠር አስተካክሎለታል፤ ራሱ እንዳይመልሰውም አውቶማቲኩን ዘግቶበታል። ኮምፒውተሩ ግን ቀኑን በፈረንጅ ነው የሚቆጥረው፤ ስለዚህ ከሰባት ዓመት በላይ ወደ ኋላ ሄዷል። ከጨዋታው ኩባንያ የሚመጣለት የማንነት ማረጋገጫ፣ ዲጂታል የምስክር ወረቀቱ፣ ገና ወደፊት የሚጸና ይመስለዋል፤ አይቀበለውም። ቀኑን አስተካከልኩት። ጨዋታው ከፈተ። ከተነሣሁ እስክቀመጥ አራት ደቂቃ አልፈጀም።

ልጁ ደስ ይለዋል ብዬ ፊቱን አየሁት። ዝም አለ። ከዚያ ወደ በሩ ዞር ብሎ ማንም እንደሌለ አረጋገጠና ድምፁን ዝቅ አድርጎ፣ «ጋሼ፣ አባዬ ከጠየቀህ ኮምፒውተሩ አርጅቷል፣ አዲስ ያስፈልገዋል በልልኝ» አለኝ።

ፊት ለፊቱ ስልኬን አንሥቼ አባቱ ጋ ደወልኩ። «ወንድሜ፣ ኮምፒውተሩ ደህና ነው፤ ቀኑን ብቻ አትንካበት» አልኩት።